ማሎሪ የተባለው የሰርክ ልጅ

አሜሪካ ያለነው ሐበሾች በምንገበያይበት በፌርፋክስ ሰፈር ስም ማውጣት የእናትና የአባት ጉዳይ ብቻ ነው ብሎ የሚያስብ ሰው ካለ፣ እሱ ገና ትናንት የመጣ ነው። ሆድሽን ገፍተሽ አንድ ሱቅ ብቅ ካልሽ፣ በርበሬ የሚመዝነው ሰውዬ ሳይቀር ሚዛኑን ትቶ ስም ያቀብልሻል። አንዷ ከመጽሐፍ ቅዱስ ታመጣለች፣ ሌላው የአያቱን ስም ያነሣል፣ ሦስተኛዋ ፈረንጅ አፍ ላይ የማይሰበር ስም ፈልጋ ትደውልልሻለች። ታዲያ ሁሉም ትርጉም ሊኖረው ግድ ነው። ትርጉም የሌለው ስም ያወጣ ሰው እኛ ዘንድ ልጁን ራቁቱን አደባባይ እንደለቀቀ ነው የሚቆጠረው። በዚህ ሰፈር ነው እንግዲህ ሰርክ ልጇን ማሎሪ ያለችው።

"ማሎሪ? ማሎሪ ማለት ምን ማለት ነው?" ያላላት የለም። እሷ "እንጃ" ብላ ታልፋለች። እንጃ! ወልዶ፣ ስም አውጥቶ፣ ትርጉሙን እንጃ የሚል ሰው ታይቶም አይታወቅ። ባሏ ምንይሉ ቢያንስ መልስ አለው፤ "ብርሃን ማለት ነው" ይላል፣ ዓይኑን መሬት ላይ ጥሎ። ውሸቱን ነው። እሱም ያውቀዋል፣ እሷም ታውቀዋለች። ነገሩን ከሥሩ ካልሰማችሁ ግን በሁለቱም ትፈርዱባቸዋላችሁ።

ሰርክ ኤርፖርቱ አጠገብ፣ ኢንግልዉድ ነው የምትኖረው። ሥራዋ ኤርፖርት ውስጥ መራመድ ያቃታቸውን መንገደኞች በዊልቸር መግፋት ነው። ረጅም ናት፣ አርባን ልትደፍን ምንም አልቀራት፣ እግሯም አፏም ፈጣን። የሥራ ባልደረቦቿ "ሰርክ የገፋችው ሰው አውሮፕላን አያመልጠውም፤ ነፍሱ ግን ልታመልጠው ትችላለች" እያሉ ይቀልዱባት ነበር። እሷም ቀልድ ትወድ ነበር። ይህችን "ነበር" ልብ በሉልኝ።

የመጀመሪያ ልጇ ኤልሻዳይ ናት። ስሟ የወጣላት ገና በሆድ ሳለች ነው። ፌርፋክስ ላይ ካሉት ምግብ ቤቶች አንዱን ይዘው ቤቢ ሻወር ደገሱላት፤ ኬኩ ላይ ስሟ በአማርኛም በእንግሊዝኛም ተጽፎ ነበር። ኤልሻዳይ ያለጊዜዋ መጣች፣ ሳምንት ሳትሞላ ሄደች። ሰው ሁሉ አለቀሰ፣ ሰው ሁሉ "እግዜር ይተካልሽ" አለ። ተካም። ፋኑኤል መጣ።

ፋኑኤል ደግሞ ጤነኛ፣ ጉንጫም፣ ከሰው እጅ የማይወርድ ልጅ ነበር። ክርስትናው ላይ ያልመጣ ዘመድ፣ ያልበላ ጎረቤት አልነበረም። ሰርክ ፎቶውን በየቀኑ ስልኳ ላይ ትለጥፋለች፤ ሰው "ሲያምር!" ይላል፣ እሷ "አሜን" ትላለች። አንድ ቀን ጠዋት ልታጠባው ከአልጋው ብታነሣው ቀዝቅዞ አገኘችው። ሐኪሞቹ ምክንያቱ አይታወቅም፣ አንዳንዴ እንዲህ ይሆናል አሏት። አንዳንዴ እንዲህ ይሆናል! ይህ ለእናት የሚነገር ነገር ነው?

ሰርክ ግን ምክንያቱን አውቄዋለሁ አለች። "እኔ ነኝ ሞትን የጠራሁበት" አለች። እሷ የመጣችው ከደብረ ሲና ወዲያ ካለ ገጠር ነው። እዚያ ልጅ የሚሞትባት ሴት ቀጥላ የምትወልደውን በመልካም ስም አትጠራውም፤ ትደብቀዋለች። የሰርክ እናት ሦስት ቀብራ አራተኛው ሲወለድ አመድ ላይ አስተኝታ "አመዴ" አለችው። ለጎረቤት ሰጠችው፤ ጎረቤቲቱም "መንገድ ላይ ተጥሎ አገኘሁት" ብላ መልሳ አመጣችው። እናት ልጇን በሰው ፊት ስማው አታውቅም። ስትጠራው "አንተ ግም" ነው፣ ሲያምር ያየ ሰው ካለ "ምኑ ያምራል፣ የተረገመ!" ነው። ሞት ለጆሮው የሚጥም ስም ሲሰማ ይመጣል፤ የተናቀውን ያልፈዋል። አመዴ ዛሬ ደብረ ብርሃን ውስጥ የእህል ነጋዴ ነው፣ ቀበቶ የማይበቃው ሆድ አብጅቷል። ሰርክ ይህን እያየች አድጋ፣ አሜሪካ መጥታ ረሳሁት አለች። የፋኑኤል ሞት አስታወሳት እንጂ!

ስለዚህ ሦስተኛውን ስታረግዝ ለማንም አልተናገረችም። ሰፊ ዩኒፎርም ለበሰች፣ ፌርፋክስ መሄድ ተወች፣ በርበሬ ሲያልቅባት እንኳ ምንይሉን ላከች። ምንይሉ አንድ ጊዜ ተሳስቶ "ሶ ስሙን ምን እንበለው?" ቢላት ድስቱን ጥላ ተነሣች። "ዝም በል! ማን ልጅ አለ አለህ?" አለችው። ሰውዬው ደንግጦ በዚያው ቀረ።

አንድ ከሰዓት በኋላ ታዲያ፣ ከቺካጎ የመጣ በረራ ላይ ማሎሪ የሚባል መንገደኛ እንድትቀበል ተላከች። ሴት ነበር የጠበቀችው፤ የምታውቃቸው ማሎሪዎች ሁለት ናቸው፣ ሁለቱም ቲኬት ክፍል የሚሠሩ ኮረዶች። የወጣው ግን አጥንቱ የሚቆጠር ሽማግሌ ሆነ።

"ሴት መስለውኝ ነበር" አለችው እየገፋችው።

"ሁሉም እንደዚያ ነው የሚለኝ" አለ ሽማግሌው። "ዛሬ ዛሬ የሴት ስም ሆኗል። እኔ ስወለድ የወንድም ነበር፤ ያኔም ቢሆን ብዙ ሰው አልነበረውም። ትምህርት ቤት ውስጥ እኔ ብቻ ነበርኩ።"

"ትርጉም አለው?" አለች ሰርክ። ይህን ሳንጠይቅ አናልፍማ።

"አለው እንጂ! ጥንት ከፈረንሳይ አገር ወደ እንግሊዝ የተሻገረ የቤተሰብ ስም ነው። ዕድለ ቢስ ማለት ነው።"

ሰርክ ዊልቸሩን አቆመች። ከኋላዋ ሻንጣ የሚጎትተው ሕዝብ እያጉረመረመ በጎን አለፋት። "እናትዎ ይህን እያወቁ ነው ያወጡልዎት?" አለችው።

"እናቴ የምታውቀው የአባቷ ቤተሰብ ስም መሆኑን ብቻ ነው። ትርጉሙን ያገኘሁት እኔ ነኝ፣ በወጣትነቴ፣ ከዚያ በኋላ ለሚጠይቀኝ ሁሉ እነግራለሁ። ጦርነት ሄጄ ተመለስኩ። ሐኪሞች ደረቴን ሁለት ጊዜ ቀደውኛል። ይኸው ዘጠና አንድ ዓመቴ ነው። መጥፎ ዕድሌ ሁሉ ስሜ ላይ ሳያልቅ አልቀረም" ብሎ ሳቀ፣ ሲስቅ ትከሻው ይንቀጠቀጣል።

ዘጠና አንድ! ሰርክ ስሙን በልቧ መዘነችው። ቤተ ክርስቲያን ውስጥ ተጠርቶ የማያውቅ፣ ፌርፋክስ ላይ ማንም አፉ ያላስገባው፣ ባለቤቶቹ ፈረንጆች እንኳን ለወንድ ልጅ መስጠት የተዉት ስም። ትርጉሙ ደግሞ የተናቀ፣ የተጣለ። ሞት አማርኛውንም ግዕዙንም ዓረብኛውንም ያውቃል፤ ይህን ግን ቢሰማውም ማንን እንደጠሩ አያውቅም። ሽማግሌውን ሊወስደው በመጣው ልጁ መኪና ውስጥ ካስገባችው በኋላ ቆማ ቀረች፣ እጇ ሆዷ ላይ ነበር። ከብዙ ጊዜ ወዲህ ትንሽ ተስፋ የመሰለ ነገር የተሰማት ያኔ ነው።

ልጁ ያለጊዜው መጣ፣ በሰባት ወሩ። የሁለት እጅ መዳፍ የሚሞላ እንኳ አይደለም። ወዲያው ማሞቂያ ውስጥ አስገቡት፣ በአፍንጫው እስከ ጉሮሮው ቱቦ፣ በእግሩ መርፌ፣ በደረቱ ሽቦ። ስሙን ማን እንበል ሲሉ ምንይሉ አፉን ሳይከፍት ሰርክ "ማሎሪ" አለች። ምንይሉ ሚስቱ በምጥ የደነገጠች መሰለውና ተዋት። ዳውንታውን፣ መሀል ከተማ፣ የመኪና ማቆሚያ ውስጥ ነው የሚሠራው፤ በሦስተኛው ቀን ሥራ ላይ መኪና በማይኖርበት ሰዓት ስልኩን አውጥቶ የስሙን ትርጉም ፈለገ። ማታ ሊመጣ የነበረው ሰውዬ ያን ቀን ከምሳ በፊት ሆስፒታሉ ኮሪደር ላይ ከሚስቱ ፊት ቆመ።

"ሰርክ፣ ትርጉሙን ቼክ አደረግሽ?"

"አድርጌያለሁ።"

"ዕድለ ቢስ ማለት ነው እኮ!"

"አውቃለሁ።"

"ሁለት ልጅ የቀበርን ሰዎች ነን! ሦስተኛውን ዕድለ ቢስ ብለን ልንጠራው ነው? ሰው ምን ይለናል?"

ምንይሉ የሚባል ሰው ይህን ከመጠየቅ ሌላ ምን ያድርግ፣ እናቱ ገና ሲወለድ ነው ሥራውን በስሙ የሰጡት። ሰርክ ግን አልሳቀችም። "ሁለቱን ስንቀብር ሰው ምን አለ? ቆንጆ ስም ነበራቸው አለ። ቆንጆ ስም ይዘው መቃብር ገቡ። በናትህ ተወኝ፣ ምንይሉ። ይህን አንድ ልጅ ልደብቀው" አለችው። ምንይሉ የአዲስ አበባ ልጅ ነው፣ በእንዲህ ዓይነቱ አያምንም። የሚስቱን ፊት አይቶ ግን መከራከር አልቻለም። ከዚያ በኋላ ነው እንግዲህ ለጠየቀው ሁሉ "ብርሃን" ማለት የጀመረው።

ችግሩ ስሙ ላይ ቢቀር ጥሩ ነበር። ሰርክ ግን መደበቅ ከጀመረች አይቀር በሙሉ ልቧ ደበቀችው። በየቀኑ ትመጣለች፣ ወተቷን አልባ ትሰጣለች፣ ወንበሩን ከማሞቂያው ራቅ አድርጋ ትቀመጣለች። ነርሶቹ "ነይ ደረትሽ ላይ እናድርግልሽ፣ የእናት ገላ ይጠቅመዋል" ይሏታል። "አይ፣ ይቅርብኝ" ትላለች። "አናግሪው፣ ድምፅሽን ይስማ" ይሏታል። ያኔ ጠጋ ትልና በማሞቂያው ቀዳዳ "አንተ ግም! አንተ አመዳም! ማን ይፈልግሃል? ቢጥሉህ የሚያነሣህ የለም" ትለዋለች። ከዚያ "እንትፍ እንትፍ" ትልበታለች፣ እንደ ሽማግሌ ምርቃት፣ ምራቅ የሌለው እንትፍታ። ይህን ሁሉ ስትል ውስጧ ይቃጠላል። እቀፊው እቀፊው፣ ሳሚው ሳሚው ይላታል። ጥፍሯን መዳፏ ውስጥ ትቀብርና ወደ ወንበሯ ትመለሳለች።

ከነርሶቹ አንዷ ሐሌታ ናት። እዚሁ ከተማ ዌስት አዳምስ ተወልዳ ያደገች፣ አማርኛዋ እናቷ ወጥ ቤት ውስጥ ያስተማረቻት አማርኛ። ሰርክ መጀመሪያ ስታያት ሐበሻ መሆኗን ብታውቅም ሰላም ከማለት በቀር አልቀረበቻትም። ሐሌታ ግን ጆሮ አላት። አንድ ቀን የሰማችውን ሰማች፣ ሌላ ቀን ደግሞ ሰማች፣ በሦስተኛው እንትፍታውን አየች። ያለጊዜው በተወለደ፣ ጉንፋን እንኳ ሊገድለው በሚችል ሕፃን ላይ ስትተፋ! ልጅቷ መጸዳጃ ቤት ገብታ አለቀሰች አሉ። ከዚያ ሥራዋ የሚያዝዛትን አደረገች፤ ለአለቃዋ ተናገረች። በሐሌታ አትፍረዱባት። እናቷ ሽሮ መሥራት አስተማረቻት እንጂ ልጅ ከሞት መደበቅ አላስተማረቻትም።

በማግሥቱ የቤተሰብን ጉዳይ የምትከታተለው የሆስፒታሉ ሶሻል ወርከር መጣች፣ ፀጉሯ የሸበተ፣ ድምፀ ለስላሳ ሴት። ከማሞቂያው አጠገብ ወንበር ስባ ተቀመጠች። ስለ እንቅልፏ ጠየቀቻት፣ ስለ ሁለቱ ልጆች ጠየቀቻት፣ ሰርክም መለሰች። ከዚያ ሴትዮዋ ወደ ልጁ እያየች "ሰርክ፣ ልጅሽን ትወጂዋለሽ?" አለቻት።

በሉ እንግዲህ፣ ምን ትበል? እወደዋለሁ ብትል፣ ያውም እዚያው እሱ አጠገብ፣ ያውም በአፏ ሙሉ! ሞት ይሰማታል። "ምኑ ይወደዳል?" አለች። ይህንንም ያለችው በእንግሊዝኛ ነው። ሴትዮዋ ወረቀቷ ላይ አንድ ነገር ጻፈች። ከዚያ በዚያው ለስላሳ ድምፅ፣ ከነገ ወዲያ ስብሰባ እንደሚኖር፣ ስለ ሕፃናት ደኅንነት የሚመለከታቸው የመንግሥት ሰዎች እንደሚጠሩ፣ ልጁ ከሆስፒታል ሲወጣ ወደ እሷ ቤት መሄዱ እርግጠኛ እንዳልሆነ ነገረቻት።

ሰርክ መኪናዋን እንዴት ድራይቭ እንዳደረገች አታውቅም። ራሷን ያገኘችው ለወራት ባልረገጠችው ፌርፋክስ ላይ፣ ሳብሪያ ሱቅ ውስጥ ነው። ሳብሪያ ወሎዬ ናት፣ ቅመምና ነጠላ የምትሸጥ፣ ከሰርክ ጋር ገና ሁለቱም እንግዳ ሳሉ አንድ ክፍል የተካፈለች። ሰርክን ስታይ "አልሐምዱሊላህ! አለሽ ወይ?" ብላ ልታቅፋት ተነሣች፣ ፊቷን ስታይ ግን ሱቁን ዘጋችና አስቀመጠቻት። ሰርክም ዘረገፈችላት።

ሳብሪያ አልገረማትም። "እኛም ጋ አለ" አለች። "አጎቴ የክርስቲያን ስም ነበረው፣ ሞት እንዳያውቀው። ግን አንቺ እብድ፣ ለምን ቀጥ ብለሽ አትነግሪያቸውም? እንዲህ ነው ባህላችን በያቸው።"

"ከነገርኳቸው መደበቁ ምኑ ላይ ነው?" አለች ሰርክ። "ሳብሪያ፣ ውሸቴን ነው የምሰድበው ብዬ እዚያው ፊቱ ቆሜ ልናገር? ያን ጊዜ እኮ እንደምወደው በድምፅ ማጉያ መለፈፌ ነው።"

"እሺ፣ አንቺ አትናገሪ። እኔ እነግርልሻለሁ። ምንይሉም ይንገር። አንቺ ዝም በይ።"

ሰርክ ይህን ስትሰማ ትንሽ መተንፈስ ቻለች። ጎርፍ የወሰደው ሰው አንድ ገመድ ካገኘ ሌላ አይፈልግም። ሳብሪያን አቅፋ እንደ ሕፃን አለቀሰች፣ ሳብሪያም "ይበቃል፣ ሱቄን በእንባ አታጥቢብኝ" እያለች ጀርባዋን ትመታት ነበር።

ስብሰባው ከቀትር በፊት ነበር። ሳብሪያ መጣች፣ ነጭ ሻሿን አስራ። ምንይሉ ሰርግ ላይ ብቻ የሚለብሰውን ኮት ለብሶ መጣ። ሶሻል ወርከሯና አንድ ከመንግሥት የተላከ ሰውዬ በጠባቡ ክፍል ውስጥ አዳመጧቸው። ሳብሪያ በተሰባበረ እንግሊዝኛዋ ስለ አጎቷ፣ ስለ አመዴ፣ ስለ ግም አንድም ሳታስቀር ተናገረች። ምንይሉ በላብ ተጠምቆ ተረጎመ፣ አስረዳ፣ በመጨረሻም "ይህቺ ሴት ሁለት ልጅ ነው የቀበረችው፣ ፈርታ ነው፣ ፕሊስ" አለ። ለመጀመሪያ ጊዜ ሰው ምን እንደሚለው ሳያስብ ተናገረ ቢባል ውሸት አይሆንም። ሐሌታ ጥግ ላይ ቆማ ትሰማ ነበር፣ ፊቷን በእጇ ሸፈነች።

ሴትዮዋ በትዕግሥት ሰማችና ራሷን ነቀነቀች። "ይገባኛል። ባህላችሁን አከብራለሁ" አለች። "ግን ሥራዬ ልጁ ነው። ቤት ሲገባ፣ ሲያለቅስ፣ ማን እንደሚያነሣው በዓይኔ ማየት አለብኝ። ሰርክ ሕፃኑን ትያዘው። ታናግረው። ሐሌታ ትሰማለች። ይህን ካየሁ ለእኔ ይበቃኛል። ካላየሁ ግን፣ ነገሩ እስኪጣራ ሌላ ቤተሰብ ይረከበዋል።"

ሁሉም ወደ ሰርክ ዞረ። 

"በናትሽ ሰርክ" አለ ምንይሉ። "አንዴ ብቻ። አንዴ ያዢውና አንዲት ጥሩ ቃል በይው።"

ሰርክ ግን ሌላ ነገር እያሰበች ነበር። ሌላ ቤተሰብ። አመዴን እናቷ ለጎረቤት ሰጥታው አልነበረም? አንድ የማታውቀው ፈረንጅ ቤት፣ የማታውቀው መንገድ፣ እናቱ የሌለችበት፣ ማንም በአማርኛ የማይጠራበት ቤት። ሞት የሷን ቤት ያውቀዋል፣ ሁለት ጊዜ መጥቶበታል፣ አልጋው ያለበትን ክፍል ሳይቀር ያውቃል። እዚያ ግን ከየት ያገኘዋል? ከዚህ የበለጠ መደበቂያ የት አለ?  ሐሳቡ ልክ ነበር፣ ልክ መሆኑ ነው የገደላት።

"ይውሰዱት" አለች።

"ምን አልሽ?" አለ ምንይሉ።

"ይውሰዱት። ይኑር ብቻ። እዚያ ሄዶ ይኑር።"

ሳብሪያ "ያ አላህ" ብላ አፏን ያዘች። ምንይሉ ግድግዳውን ተደግፎ ቁጭ አለ፣ ያ የሰርግ ኮቱ ተሸበሸበ፣ ገበያ መሀል የተረሳ ልጅ መሰለ። ከመንግሥት የመጣው ሰውዬ መጻፍ ጀመረ። ሴትዮዋ ግን "እንደዚያ ከሆነ ተሰናበቺው" አለች። "ይህን አልከለክልሽም።"

ወደ ማሞቂያው ክፍል ሄዱ። ቱቦው ከአፍንጫው የተነሣለት በዚያው ጠዋት ነው፣ ሰርክ አላወቀችም። ሐሌታ ሽቦዎቹን ሰብስባ ልጁን አነሣችው። ቀዝቃዛው አየር ነካውና አፉን ከፈተ፣ አለቀሰ። ሰርክ የልጇን ድምፅ እስከዚያች ሰዓት ሰምታው አታውቅም፤ ቱቦው አፍኖት ነበር። ቀጭን ነው፣ የተቆጣ ነው፣ ፊቱ ቀልቶ እጁን አየር ላይ ይዘረጋል፣ የሚይዘው ያጣል፣ እንደገና ይዘረጋል።

"እትዬ ሰርክ፣ ይቅርታ አድርጊልኝ፣ አላወቅኩም ነበር" አለች ሐሌታ፣ እንባዋ ጭንብሏ ውስጥ እየገባ። "ያዢው። እኔ አልተረጉምም። ምንም ብትይ አልሰማሁም እላለሁ።"

ሰርክ እጇን ዘረጋች። ልትሰናበተው ነበር፣ ይህን በልቧ ይዛ ነው የተቀበለችው። ልጁ ግን ደረቷን ሲነካ ዝም አለ፣ ወዲያው፣ በአንድ ጊዜ። ትንሿ እጁ የሸሚዟን ጠርዝ ያዘች። አንገቷ ሥር ሲተነፍስ ትንፋሹ ሞቀ። ሰርክ ልጁን እንደያዘች ወንበሩ ላይ ቁጭ አለች፣ ከዚያ በኋላ አፏን ማቆም የሚችል ኃይል አልነበረም።

"የኔ ጌታ" አለች። "የኔ ንጉሥ፣ የኔ ዓለም፣ ዓይኔ፣ ልቤ፣ ሆዴ! ማን ነው ግም ያለህ? እኔ ልገማልህ! አልሰጥህም። ለማንም አልሰጥህም። እወድሃለሁ፣ ሰማኸኝ? ገና ሳትወለድ ጀምሬ እወድሃለሁ፣ ቤቴ ነህ፣ ዘሬ ነህ፣ ቆንጆ ነህ፣ ሲያምር፣ ልጄ ሲያምር!" እየጮኸች ነበር። የሌሎቹ ሕፃናት እናቶች ሁሉ ዞረው አዩአት። እሷ ትስመዋለች፣ ግንባሩን፣ ጉንጩን፣ ጣቶቹን፣ ወር ሙሉ የቋጠረችውን ሁሉ።

ሐሌታ መተርጎም አላስፈለጋትም። ሴትዮዋ ዓይኗን ጠረገችና ለሰውዬው ራሷን ነቀነቀች፣ ሰውዬውም የጻፈውን ሰረዘ። ምንይሉ ሳብሪያን አቅፎ ያለቅሳል፣ ሳብሪያ "ተረፈ! ተረፈልሽ!" ትላለች። ሁሉም በደስታ ያለቅስ ነበር።

ሰርክ ብቻ ድንገት ዝም አለች። ያለችውን ሁሉ፣ አንድ በአንድ፣ በአማርኛ፣ በሙሉ ድምፅ መናገሯን ሰማች። ሞት ሰምቷል። ልጁን ሁለት እጇ ውስጥ ሸሸገችው፣ ጀርባዋን ለሰዉ ሁሉ ሰጠች፣ ጎንበስ ብላ በገላዋ ከለለችው።

"በሩን!" አለች። "ሐሌታ፣ በፈጠረሽ፣ በሩን ዝጊልኝ! ቶሎ በይ፣ በሩን ዝጉት!"